የብድር ክስ ሲመጣ የሚሠሩ ስህተቶች

ባለፈው ሳምንት የባልትና ሱቅ ያላቸው አንዲት እናት የጥብቅና ቢሮዬ መጡ። ከነጠላቸው ጫፍ ፈተው ያወጡት ለአራት የታጠፈ የፍርድ ቤት መጥሪያ ነው። ቀጠሮው ካለፈ አርባ ቀን ሆኖታል። «አልፈርምም ብዬ መጥሪያ አድራሹን መለስኩት እኮ ልጄ፤ በር ላይ ለጥፎት ሄደ» አሉኝ።

እባካችሁ መጥሪያ ተቀበሉ! አልቀበልም ያለ ሰው ክሱን አያስቀረውም፤ ጉዳዩ በሌለበት ይታያል፤ ቀጥሎ የሚደርሰው የአፈጻጸም ትእዛዝ፣ ማለት ፍርዱን በግድ የሚያስፈጽም ትእዛዝ ነው። ያን ጊዜ የተጋነነው ወለድም፣ የተከፈለውም ገንዘብ አብሮ ፍርድ ሆኗል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 78 ፍርዱ እንዲነሳ መጠየቅ ይፈቅዳል፤ ግን ፍርዱን ባወቁ በአንድ ወር ውስጥና በቂ ምክንያት ሲኖር ነው። «ፈርቼ ነው» በቂ ምክንያት አይሆንም። ሊያሸንፍ የሚችል ክርክር በዚህ ሲጠፋ በዓይኔ ስላየሁ ነው እንዲህ የምቆጣው።

እኚህ እናት የዕዳውን ገሚስ ከፍለዋል፤ በእጅ፣ ያለ ደረሰኝ። ጎረቤት አይቷል ይላሉ። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2472 ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ እንዲረጋገጥ ያዛል፤ መመለሱም እንደዚያው ነው። የጎረቤት ምስክርነት አይበቃም። በባንክ ላኩ፤ ምክንያቱ ላይ «የብድር ክፍያ» ብላችሁ ጻፉ።

ፊርማው የራስ ሆኖ ሳለ «አልተበደርኩም» ብሎ መካድም አለ። ዳኛው አንዴ ካላመናችሁ የቀረውንም አያምናችሁም። ዕዳውን አምናችሁ አቅማችሁን በማስረጃ አሳዩ፤ ሕመም ካለ የሐኪም ወረቀት፣ ሥራ ከቆመ የንግድ ፈቃድ የተመለሰበት ወረቀት። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1770 ፍርድ ቤቱ የባለዕዳውን ሁኔታ አይቶ እስከ ስድስት ወር የእፎይታ ጊዜ እንዲሰጥ ያስችለዋል፤ ብዙ ሰው ስለማያውቀው አይጠይቅም።

ክሱ በአጭር ሥነ ሥርዓት፣ ማለት በተፋጠነ የክስ አካሄድ ከቀረበ ደግሞ መልስ ይዞ መሄድ አይበቃም፤ አስቀድሞ በቃለ መሐላ የመከላከል ፈቃድ ይጠየቃል።

ይርጋን፣ ማለት የመክሰሻው ጊዜ አልፏል የሚለውን መቃወሚያ፣ ዳኛ በራሱ አያነሳላችሁም። ይህን የተማርኩት በደንበኛዬ ኪሳራ ነው፤ ጀማሪ ሳለሁ አሥር ዓመት ባለፈው ውል ላይ ስለ ወለዱ ስከራከር መቃወሚያውን ሳላነሳ ቀረሁ። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ቤት በመያዣ ተሰጥቶ ከባንክ የተወሰደ ብድር ሌላ ነው። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንክ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት ቤቱን በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ሰዎች 29ኛው ቀን ላይ እግድ ፍለጋ ይመጣሉ። ደብዳቤው በደረሰ ማግሥት ባንኩ ዘንድ ሄዳችሁ የክፍያ ጊዜው እንዲራዘም በጽሑፍ ጠይቁ፤ ደብዳቤው የደረሰበትን ቀን መዝግቡ፤ ፖስታውንም አትጣሉ። ባንኩ ሥርዓቱን ጥሶ ጉዳት ካደረሰ በአዋጁ አንቀጽ 7 ካሳ ይጠየቃል፤ ማስረጃችሁም ያ ፖስታ ነው።