ጌም ሁሉ ሲ ድራይቭ ላይ አትከምሩ

ኮምፒውተራችሁ ላይ ጌም የምትጭኑ፣ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ሲ ድራይቭን አታጨናንቁት። እዚያው ላይ የተጫነው ዊንዶውስም መተንፈሻ ቦታ ይፈልጋል፤ ሲ ጢም ብሎ ሲሞላ የሚንቀራፈፈው ጌሙ ብቻ ሳይሆን ኮምፒውተሩ በሙሉ ነው። ጂቲኤ 5 ብቻውን ወደ 100 ጊጋ ይበላል፣ እኔ ደግሞ 256 ጊጋ ላይ እሱንና ሌሎች ሁለት ለማጨቅ ስታገል ከርሜያለሁ።

ዲ ድራይቭ ካላችሁ እዚያ ጫኑ። ስቲም (ጌም የሚገዛበትና የሚወርድበት ፕሮግራም) የምትጠቀሙ ሴቲንግ ውስጥ ስቶሬጅ የሚለው ጋ ገብታችሁ ዲን ጨምሩ። ሲ ላይ ቀድሞ የተጫነውን በእጃችሁ ቆርጣችሁ አትለጥፉ፤ እዚያው ስቶሬጅ ውስጥ ጌሙን መርጣችሁ ሙቭ በሉት፣ እንደገና ዳውንሎድ ሳያደርግ ራሱ ያዛውረዋል።

ዳታ ለሚያንገበግባችሁ ደግሞ (ማንን አያንገበግብም?)፣ ስቲም ከ2023 ጀምሮ ጌሙን በቤት ኔትወርክ ከአንዱ ኮምፒውተር ወደ ሌላው ያስተላልፋል። ጓደኛችሁ ላፕቶፑን ይዞ ይምጣ፣ አንድ ራውተር ላይ ተገናኙ፣ ሴቲንግ ውስጥ ዳውንሎድ የሚለው ጋ ለጓደኞች እንዲያስተላልፍ ይፍቀድ። ጌሙ በእናንተም አካውንት መኖር አለበት እንጂ ለመጫን ሌሊቱን ሙሉ ኢንተርኔት መጠበቅ ቀረ። በኬብል ከሆነማ ከዋይፋይ ይፈጥናል።

እና ፎርማት ከማድረጋችሁ በፊት ሴቭ ፋይላችሁን (ጌሙ ላይ የደረሳችሁበትን የሚይዘውን) ፈልጉ። ብዙ ጊዜ የሚቀመጠው ጌሙ ፎልደር ውስጥ ሳይሆን ዶክመንትስ ወይም አፕዳታ ውስጥ ነው። ፍላሽ ላይ ገልብጡት።