የባርነቱ ካሳ ማን ኪስ እንደገባ እንዴት ይፈለጋል?

እንግሊዝ በካሪቢያን ቅኝ ግዛቶቿ ባርነትን የሻረው ሕግ የወጣው በ1833 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። ያኔ 20 ሚሊዮን ፓውንድ ካሳ ተከፈለ። ለማን? ለጌቶቹ! ዕድሜያቸውን በሸንኮራ አገዳ እርሻ ላይ ለጨረሱት ሰዎች ሰባራ ሳንቲም አልተሰጠም፤ እንዲያውም አብዛኞቹ «ተለማማጅ» እየተባሉ እስከ 1838 ድረስ ለዚያው ጌታ እንዲሠሩ ተገደዋል። ለካሳው የተወሰደው ብድር ዕዳ ተከፍሎ ያለቀው በ2015 ነው። ከዚያ በፊት እንግሊዝ አገር ግብር የከፈለ ሐበሻም አዋጥቷል ማለት ነው።

ለፍለጋው የዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ለንደንን የባርነት መረጃ ቋት ክፈቱ። በነፃ ነው። በሰው ስም ወይም በእርሻ ስም መፈለግ ይቻላል። ለሙከራ ጆን ግላድስተንን በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፉ። የሊቨርፑል ነጋዴ ነው፤ የእንግሊዙ ጠቅላይ ሚኒስትር የዊልያም ግላድስተን አባት። በጃማይካና በዛሬዋ ጉያና ለነበሩት ከ2,500 በላይ ሰዎች ከ100,000 ፓውንድ የሚበልጥ ካሳ ወስዷል። በዴሜራራ (የዛሬዋ ጉያና ክፍል) በ1823 የተካሄደው የባሪያዎች አመፅም የተነሳው ከእሱ እርሻ ነው።

ብዙ ሰው እዚህ ላይ ያቆማል። እባካችሁ እናንተ አታቁሙ፤ እስካሁን ያገኛችሁት የጌታውን ስም ብቻ ነው። የእርሻውን ስም ያዙና በየእርሻው የነበሩት ባሪያዎች ወደተመዘገቡባቸው መዝገቦች እለፉ። ዋናዎቹ ለንደን፣ ኪው በሚገኘው ብሔራዊ ቤተ መዛግብት አሉ፤ ቅጂያቸው አንሴስትሪ (Ancestry) በተባለው የዘር ሐረግ መፈለጊያ ድረ ገጽ ላይ ይገኛል። ጃማይካ ውስጥ ምዝገባው በ1817 ተጀምሮ በየሦስት ዓመቱ ይታደስ ነበር።

የ1817ቱን አስቀድሙ፤ ሙሉ ዝርዝር ያለው እሱ ላይ ነው። አንዱ መስመር ስም፣ ዕድሜ፣ የቆዳ ቀለም፣ ከዚያ «አፍሪካዊ» ወይም «ክሪኦል» ይላል፤ ክሪኦል እዚያው የተወለደ ነው። ፖምፔ፣ ቄሳር፣ ለንደን የሚባሉ ሰዎች ታገኛላችሁ። እናት ያወጣችው ስም እንዳይመስላችሁ፣ ጌታ የለጠፈው ነው። የልጅ እናት ስም ብዙ ጊዜ ይጻፋል፣ አባት ግን ከስንት አንዴ ነው። የ1820ው መዝገብ በመሃል የተወለደውንና የሞተውን ይነግራችኋል። ሁለቱን ጎን ለጎን አድርጋችሁ አንብቡ፤ በመጀመሪያው የቆጠራችኋቸውን ሰዎች በሁለተኛው ከሟቾቹ ተራ ስታገኟቸው ያማል፣ ግን መታወቅ አለበት።

ሁለት ነገር ተጠንቀቁ። የጌታውን የቤተሰብ ስም የያዘ ሁሉ የሥጋ ዘመዱ አይደለም። የስም አጻጻፍም ከመዝገብ መዝገብ ይለያያል፣ ስለዚህ በስም ብቻ አትፍረዱ፤ ዕድሜውንና የእናቱን ስም አመሳክሩ።