ሁለቴ የተመለሰብኝ የድጋፍ ማመልከቻ

ለሰፈራችን ልጆች የንባብ ክፍል ለመክፈት፣ ለተማሪዎች የሚሰጠውን የገንዘብ ድጋፍ ሁለት ጊዜ ጠይቄ ሁለቴም ውድቅ ሆነብኝ። ሐሳቡ ድጋፍ ሰጪዎቹን ያልጣማቸው መስሎኝ መግቢያውን ሳሳምር ከረምኩ፤ ከንቱ ድካም። ጥፋቱ ያለው በጀቱ ላይ ነበር። የጠቅላላውን ሲሶ «ልዩ ልዩ ወጪ» ብዬ አንድ መስመር ላይ ከምሬዋለሁ! እሱን ሰርዤ እያንዳንዱን ወጪ በብዛት፣ በነጠላ ዋጋና በድምር ዘረዘርኩት፤ ከጎኑም ለምን እንደሚውል ጻፍኩ፦ መደርደሪያ 4፣ ለመጻሕፍቱ፤ ምንጣፍ 2፣ ለታናናሾቹ መቀመጫ። ስደምረው ደግሞ ቅጹ ላይ የሞላሁት ድምር ከአባሪው ሠንጠረዥ ጋር አይገጥምም፤ አንዱን አስተካክዬ ሌላውን ረስቼዋለሁ። ክፍሉን የሚፈቅዱልን ሰዎች የፈረሙበትን ደብዳቤም አያያዝኩ። በሦስተኛው አለፈ። መግቢያውን ግን ወደ መጀመሪያው፣ ወዳልተቀባባው መልሼ ነው የላክሁት።