ልጃችሁ ፊልም ልትሠራ ነው? ከቀረጻው በፊት አካውንቷን ክፈቱ

ልጄን ይዤ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ከቀረጻ ወደ ቀረጻ ስዞር ሐበሻ ወላጆች የሚጠይቁኝ «እንዴት ተመረጠች?» ብለው ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ግን 18 ዓመት ሲሞላት በእጇ የሚኖረው ነው።

ጃኪ ኩጋን በ1921 እ.ኤ.አ. ከቻርሊ ቻፕሊን ጋር ሲተውን ገና ትንሽ ልጅ ነበር። ሚሊዮኖች አፈራ። አድጎ ገንዘቡን ሲጠይቅ እናቱና እንጀራ አባቱ አብዛኛውን ጨርሰውታል። በ1938 ከሰሳቸው፤ የደረሰው 126 ሺህ ዶላር ገደማ ብቻ ነበር። ካሊፎርኒያ በማግሥቱ ዓመት የልጅ ተዋንያንን ገቢ የሚጠብቅ ሕግ ያወጣችው በዚህ ምክንያት ነው፤ የልጁ ገንዘብ የሚቀመጥበት አካውንትም ዛሬ ድረስ በስሙ ይጠራል።

በመጀመሪያ የሥራ ፈቃድ አውጡ። ፈቃዱ ለስድስት ወር ያገለግላል። ተማሪ ከሆነች ውጤቷ፣ ከክፍል አለመቅረቷና ጤንነቷ ደህና መሆኑን ትምህርት ቤቷ ፈርሞ ማረጋገጥ አለበት። ኤጀንት (ሥራ የሚያገናኝ ወኪል) ነኝ ብሎ አስቀድሞ ገንዘብ የሚጠይቃችሁን ጥላችሁት ሂዱ፤ እዚህ ካሊፎርኒያ ሕገ ወጥ ነው። ኤጀንት ድርሻውን የሚያገኘው ልጅቷ ስትከፈል ነው።

ከዚያ ባንክ ሂዱና «ኩጋን አካውንት» ብላችሁ በስሙ ጠይቁ፤ ሁሉም ባንክ አይከፍተውም። አሠሪው ከጠቅላላ ክፍያዋ 15 በመቶውን እዚያ ያስገባል፤ ከ1,000 ዶላር 150 ማለት ነው። 18 እስኪሞላት ማንም አይነካውም፣ እናንተም ጭምር። የደመወዝ ወረቀቷ በመጣ ቁጥር የተቀነሰውን ከባንኩ መግለጫ ጋር አስተያዩ።

ቀሪው 85 በመቶም በሕግ የእርሷ ነው። እኛ ዘንድ ልጅ ያገኘው የቤት ነው፤ ኪራይ አለ፣ እቁብ አለ፣ አገር ቤት የሚጠብቅ ዘመድ አለ። ችግሩ ይገባኛል፤ ቢሆንም በእርሷ ገንዘብ አትወጡት። ግብሯንና የኤጀንቷን ድርሻ ከፍላችሁ የተረፈውን ለብቻው አስቀምጡላት።

በቀረጻ ቦታ ከዓይናችሁ አትራቅ። ከ6 እስከ 8 ዓመት ያለ ልጅ በትምህርት ቀን ቢበዛ አራት ሰዓት ይሠራል፣ ሦስት ሰዓት ይማራል፣ አንድ ሰዓት ያርፋል። አንድ ምሽት ረዳት ዳይሬክተሩ «አንዴ ብቻ እንድገመው» ሲል የስቱዲዮ መምህሯ፣ ማለትም በቀረጻ ቦታ ልጆችን የምታስተምረውና የምትጠብቀው፣ ሰዓቷን አሳየችውና የልጄን እጅ ይዛ ወጣች። ማንም ቃል አልተነፈሰም። እኔ ብሆን በይሉኝታ እሺ እል ነበር። ሕጉ ለመምህሯ ይህን ሥልጣን ሰጥቷታልና ተጠጓት፤ ልጃችሁ ስትደክም ቀድማችሁ ንገሯት።

ከ14 እስከ 17 ባለው ዕድሜ ሥራው ቢቀንስ አትደንግጡ። አዘጋጆች የሰዓት ገደብ የሌለበትን፣ መልኩ ልጅ የሚመስል የ18 ዓመት ወጣት ይመርጣሉ። ይህን ለልጃችሁ አስቀድማችሁ አስረዷት፤ አለዚያ ጥፋቱ የራሷ ይመስላታል። በዚያ ጊዜ በትምህርት ቤቷ ቴአትር ትሥራ፣ ከፈለገችም ትተወው።