ጓሮ ስትቆፍሩ ከተወጋችሁ

ሐዋሳ፣ ታቦር ተራራ ግርጌ ባለችው ጓሮዬ ጎመን እተክላለሁ። ባለፈው ክረምት ፍግ ስበትን የዛገ ሚስማር አውራ ጣቴን ወጋኝ። ደም እንኳ ጠብ አላለም፤ ቀዳዳዋ የመርፌ ያህል ናት። ክፉዋ እንዲህ ያለችው ናት። የቴታነስ (የመንጋጋ ቆልፍ በሽታ) ባክቴሪያ አፈርና ፍግ ውስጥ ለዓመታት ይቆያል፤ አየር የማይገባው ጠባብ ቁስል ይመቸዋል። ጥፋቱ የዝገቱ አይደለም፣ የአፈሩ ነው።

ወዲያው በሚወርድ ውሃና በሳሙና ደህና አድርጋችሁ እጠቡት። ቡና ወይም አመድ እባካችሁ አትነስንሱበት። ከዚያ ጤና ጣቢያ ሂዱ። የመጨረሻውን የቴታነስ ክትባት ከወሰዳችሁ 5 ዓመት ካለፈ፣ ለቆሸሸ ቁስል ድጋሚ መከተብ ያስፈልጋል። ምልክቱ አብዛኛውን ጊዜ ከ3 እስከ 21 ቀን ባለው ውስጥ ይመጣል። መንጋጋ አልከፈት ካለ ቀጥታ ሆስፒታል ነው።

እኔ አሁን ያለ ወፍራም ጓንትና ቦት ጫማ ዶማ አላነሳም።