የተለያየ ዘር ያላቸውን ፍቅረኞች ስንጽፍ የምንሠራቸው ስህተቶች

በ1930 (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው) የወጣው የሆሊውድ የሥነ ምግባር ደንብ የጥቁርና የነጭ የፍቅር ግንኙነት በፊልም እንዳይታይ ይከለክል ነበር። ክልከላው ከቀረ ቆይቷል። ጥንዶቹን እንደ ሰው ሳይሆን እንደ መከራከሪያ የማየት ልማድ ግን ዛሬም አለ።

ትልቁ ስህተት ጥቁሩን እንከን የለሽ ማድረግ ነው። ሲድኒ ፖይቲየር የተወነበትን የ1967ቱን «ገስ ሁስ ከሚንግ ቱ ዲነር» ፊልም አስታውሱ። ሰውየው ስመ ጥር ሐኪም ነው፤ ጨዋ ነው፤ ነጯ እጮኛው ሳታውቅ ደግሞ ወላጆቿ ካልተስማሙ ጋብቻው እንደሚቀር ይነግራቸዋል። ከቆዳው ቀለም ሌላ ሰበብ እንዳይገኝ ታስቦ ነው፤ ለዘመኑ ብልህ አካሄድ ነበር። ሲሳሳሙ ግን የምናየው አንዴ፣ እሱም በታክሲው ስፖኪዮ ውስጥ ነው! ዛሬ የሚጻፍ ሰው ቀጠሮ ያርፍድ፣ ቀልዱ አያስቅ፣ ዕዳ ይኑርበት። ለመወደድ የግድ ሽልማት መደርደር የለበትም።

ሁለተኛው፣ ፍቅረኞቹን ንግግር ማስደረግ። በእውነተኛ ታሪክ ላይ በተመሠረተው የ2016ቱ «ላቪንግ» ፊልም የጥቁሯ ሚልድረድ ነጭ ባል ሪቻርድ ግንበኛ ነው፤ ብዙም አያወራም። በ1958 ሸሪፉ በሌሊት መኝታ ክፍላቸው ድረስ ገብቶ ሲይዛቸው የጋብቻ ወረቀታቸው ግድግዳው ላይ ተሰቅሎ ነበር። የጥቁርና የነጭ ጋብቻን በሚከለክለው የቨርጂኒያ ሕግ ግን ዋጋ አልነበረውም። ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲደርስ እውነተኛው ሪቻርድ ለጠበቃው የሰጠው መልእክት ሚስቱን እንደሚወዳት እንዲነግርለት ነው። ሚልድረድን ሆና የተወነችው አዲስ አበባ የተወለደችው ሩት ኔጋ ናት፤ አባቷ ኢትዮጵያዊ፣ እናቷ አየርላንዳዊት። ግማሹን ነገር በዓይኗ ነው የምትናገረው። ለኦስካር መታጨቷ ሲያንሳት ነው።

ቤተሰቡን ያለ ምክንያት ክፉ ማድረግም አለ። በ1991ዱ «ሚሲሲፒ ማሳላ» የህንዳዊቷ ልጅ አባት ኢዲ አሚን በ1972 ከኡጋንዳ ካባረራቸው እስያውያን አንዱ ነው። ልጁ ምንጣፍ የሚያጥብ ጥቁር አሜሪካዊ ስታፈቅር የሚያንገበግበው ያ ቁስል ነው። ተሳስቷል፤ ግን ከየት እንደመጣበት ይገባናል። ደግሞም ከሁለቱ ፍቅረኞች አንዳቸውም ነጭ አይደሉም፤ ይሄ ብዙ ደራሲ የሚረሳው ነገር ነው።

ቆዳን በቸኮሌትና በካራሜል መግለጽ? በቃ፣ ሰለቸን።

የመጨረሻው ማሳረጊያው ላይ ነው። አማትየው በሰርጉ ዕለት አቅፋት ታለቅሳለች፣ ዘረኝነትም በዚያው ያከትማል። በማግስቱስ? የልጃቸውን ፀጉር ማን ይሠራል? የባልየው አጎት በበዓል ቀን ያቺኑ የዘር ቀልድ ሲደግማት ባልየው ዝም ይላል ወይስ ይናገራል? እኔን የሚያጓጓኝ ይሄ ነው፤ ብዙው ፊልም ደግሞ እዚህ ሳይደርስ ያልቃል።