ደሴ ላይ የእጅ ሙያ በስልክ ማስተማር ለምትፈልጉ፣ ከየት ትጀምራላችሁ

ሰሞኑን ከደሴም ከኮምቦልቻም ልጆች ተመሳሳይ ነገር እየጠየቁኝ ነው፣ የእጅ ሙያ በኦንላይን የሚያስተምር ስታርትአፕ ልንጀምር ነው አፕ የሚሰራልን ሰው ጠቁመን ይሉኛል። በአፕ አትጀምሩ። እኛ በአፕ ጀምረን ስምንት ወር ፈጀብን፣ ያጠራቀምነው ብር ለሶፍትዌር ሰሪው አልቆ አፑ ሲደርስ ውስጡ የምናስገባው ትምህርት አልነበረንም፣ አሁን ድረስ ያ ጊዜ ይቆጨኛል።

የትልልቆቹን አጀማመር ብታዩ እኮ ትንሽ ነው። ካን አካዳሚ የሚባለው የነፃ ኦንላይን ትምህርት የመጣው ሳልማን ካን በፈረንጆቹ 2004 ናዲያ የምትባል የአጎቱን ልጅ ራቅ ብላ ስለምትኖር በስልክና በኢንተርኔት ሂሳብ ሲያስጠናት ነው፣ ዘመድ ሲበዛበት በ2006 ቪዲዮ ዩትዩብ ላይ መጫን ጀመረ፣ ድርጅት የሆነው ከዛ በኋላ በ2008 ነው። ዩደሚ የሚባለውን የኦንላይን ኮርስ መሸጫ ከመሰረቱት አንዱ ኤረን ባሊ ደሞ ቱርክ ገጠር ውስጥ ባለ አንድ ክፍል ትምህርት ቤት የተማረ ልጅ ነው፣ ቤታቸው ኮምፒውተር ሲገባ ነው ሂሳቡን በኢንተርኔት ያጠናከረው፣ መጀመሪያ እዛው ቱርክ የቀጥታ ክፍል የሚያስተላልፍ ሶፍትዌር ሞክሮ አልሆነም፣ አሜሪካ ሄዶ ከጓደኞቹ ጋር በ2010 ዩደሚን ጀመረ፣ ባለሀብቶች ደጋግመው እምቢ ብለዋቸዋል። ይሄን ሳነብ ከወረኢሉ ወይ ከወሎ ቦረና የሚመጣው ልጅ ነው ትዝ የሚለኝ።

ግን እነሱ ያስተማሩት በአብዛኛው ስክሪን ላይ የሚያልቅ ነገር ነው። ኮዲንግ ከሆነ የምትፈልጉት በኛ አቆጣጠር በሐምሌ 2016 የተጀመረው የአምስት ሚሊዮን ኮደርስ ፕሮግራም በነፃ አለ፣ ግቡ። ሽቦ የሚዘረጋ እጅ ግን በማየት ብቻ አይሰለጥንም፣ ስለዚ አካሄዳችሁ ሌላ መሆን አለበት።

መጀመሪያ አንድ ሙያ ብቻ ምረጡ። እኛ የቤት ኤሌክትሪክ ዝርጋታ ነው የያዝነው። ከሙያውም ውስጥ ሰው ቤት በየቀኑ የሚያጋጥም አንድ ችግር ምረጡ፣ ለምሳሌ ምጣድ። የእንጀራ ምጣድ 3,500 ዋት አካባቢ ይስባል፣ በ220 ቮልት ስታካፍሉት ወደ 16 አምፔር ይመጣል፣ ይሄንን ለመብራት በሚዘረጋው 1.5 ሽቦ (ቁጥሩ የሽቦው ውፍረት በካሬ ሚሊሜትር ነው) ካገናኛችሁት ሽቦው ይግላል ልባሱ ሊቀልጥ ይችላል፣ እሳት ሁሉ ሊያስነሳ ይችላል። ለሶኬት 2.5፣ ለምጣድ ግን ለብቻው ከብሬከር የሚነሳ 4 ወይ 6 ሽቦ ነው። አንድ ተማሪ ይቺን ብቻ በደንብ ቢያውቅ አንድ ቤተሰብ ከአደጋ ያድናል፣ እኔ ለዚ ነው ይሄን ስራ የምወደው።

ቀጥሎ ባለሙያ ፈልጉ። ፒያሳ አካባቢ ሃያ ሰላሳ አመት የሰሩ ሰዎች አሉ፣ ካሜራ ግን አይወዱም፣ ንግግር አድርጉልን ካላችኋቸው ይሸሻሉ። እኔ አንዱን "ጋሼ፣ አንቱ ስራዎን ይቀጥሉ፣ እኔ እጅዎን ብቻ ነው የምቀርፀው" ስላቸው ነው እሺ ያሉኝ፣ "ፊቴን ካልሆነማ ምን ቸገረኝ ልጄ" አሉ። በገቢው ድርሻ ከመጀመሪያው ቀን ተስማሙ፣ በፅሁፍ ይሁን፣ እውቀቱ የሳቸው ነው።

ስትቀርፁ ፊት ለፊት አትቁሙ፣ ግራና ቀኙ ይገለበጥና ተማሪው ይምታታበታል፣ ከባለሙያው ትከሻ በላይ ሆናችሁ ወደታች ቅረፁ ልክ ተማሪው ራሱ የሚሰራ እንዲመስለው። ጠዋት ጉም ካለ ጠብቁ፣ ብርሃን ሲመጣ በር ላይ ወጥታችሁ ስሩ። አንድ ቪዲዮ አንድ ስራ ብቻ፣ ሶስት አራት ደቂቃ ይበቃል። እቃውን ሱቅ ላይ በሚጠራበት ስም ጥሩት፣ ተማሪው የመፅሐፍ ስም ይዞ ሱቅ ቢሄድ ማንም አይረዳውም። እና እያንዳንዱ ቪዲዮ ብሬከር ሲወርድና በቴስተር ሲፈተሽ አሳይቶ ይጀምር፣ መቶ ጊዜ ቢደጋገምም አትቁረጡት።

ለማድረስ ቴሌግራም ይበቃል፣ የቪዲዮውን ጥራት 480p አድርጉት ዳታ እንዳይበላ፣ ኔትወርክ ለሌለው ደሞ እናንተ ጋ ሲመጣ በዜንደር ወይ በሚሞሪ ካርድ ጫኑለት። ክፍያ በቴሌብር በየሳምንቱ ትንሽ ትንሽ ይሁን፣ አንዴ በሙሉ ክፈል ስትሉት ቀን ሰራተኛ የሆነው ልጅ ይቀራል እሱ ነበር ደሞ ዋናው ተማሪያችሁ።

ትምህርቱ የሚሰራው ግን ተማሪው መልሶ ሲልክ ነው። እንጨት ላይ ሶኬት፣ ማብሪያና ብሬከር የተገጠመበት መለማመጃ ይስራ፣ ኤሌክትሪክ ሳይነካው ይዘርጋና በስልኩ ቀርፆ ይላክ፣ ጋሼ ደሞ በድምፅ ይመልሱለት፣ "ይቺ ብሎን ላልታለች፣ ሽቦውን አብዝተህ ልጠኸዋል" እያሉ። በአስር ተማሪ ጀምሩ፣ በወር ሁለቴ በአካል አገናኟቸው፣ ኤሌክትሪክ ያለበት ልምምድ በአካል ባለሙያው ባለበት ብቻ ነው።

ሰርተፍኬት እንሰጣለን ብላችሁ ቃል አትግቡ፣ እውቅና ሳይኖራችሁ ወረቀት ብትሰጡ ልጁ ስራ ሲጠይቅ ያፍራል፣ ይልቅ ለሲኦሲ (የሙያ ብቃት ምዘና) ፈተና አዘጋጁት።

አፕ መቼ ነው ካላችሁ፣ ጋሼ የሚላክላቸውን ቪዲዮ ማታ ቁጭ ብለው አይተው መጨረስ ሲያቅታቸው፣ የማን ስራ እንደታየ የማን እንደቀረ ቴሌግራም ላይ መለየት ሲከብዳችሁ። ያኔ አፕ ሰሪውን ጥሩትና ይቺን ችግር ብቻ እንዲፈታላችሁ ንገሩት።